ስለ ብሪታንያው «የኅብረቱ ሚኒስትር» የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

በኳታሩ የዓለም ዋንጫ እንግሊዝና ዌልስ ሲጋጠሙ ከጓደኛዬ ጋር እያየን ነበር። እረፍት ላይ፣ ገና 0 ለ 0 እያሉ፣ «አንድ አገር አይደሉም እንዴ? አንድ ጠቅላይ ሚኒስትር ይዘው እንዴት እርስ በርስ ይጋጠማሉ?» አለኝ። የእረፍቷ 15 ደቂቃ ለመልሱ አልበቃችኝም። እንግሊዝ ሦስት አግብታ ጨዋታው ሲያልቅም ገና እያስረዳሁት ነበር።

ጥያቄው ቀላል አይደለም። እንዲያውም የብሪታንያ ጠቅላይ ሚኒስትር በዚሁ ጉዳይ አንድ ተጨማሪ ማዕረግ አላቸው፦ የኅብረቱ ሚኒስትር። ስለዚህ ማዕረግ የምሰማቸውን ስህተቶች እዚህ ላነሳ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

«የኅብረቱ ሚኒስትር የአውሮፓ ኅብረትን ጉዳይ የሚይዝ ሰው ነው»

መደናገሩ አይገርምም። ማዕረጉን የፈጠሩት ቦሪስ ጆንሰን ናቸው። ጊዜው ጁላይ 2019፣ አገሩ በሙሉ ስለ ብሬግዚት፣ ማለትም ከአውሮፓ ኅብረት ስለ መውጣት፣ ብቻ የሚያወራበት ሰሞን ነው። እዚህ ላይ ኅብረት የተባለው ግን የቤት ውስጡ ነው። እንግሊዝ፣ ስኮትላንድ፣ ዌልስና ሰሜን አየርላንድ በአንድ ዘውድ ሥር የተያያዙበት ማለት ነው። ዌልስ በ16ኛው ክፍለ ዘመን በሕግ ተጠቃለለች። ስኮትላንድ በ1707 የራሷን ፓርላማ ዘግታ ገባች። አየርላንድ በ1801 ተጨመረች፤ በ1922 አብዛኛው ክፍሏ ወጣ፣ ሰሜኑ ቀረ።

ሁለቱ ኅብረቶች ጭራሽ አይገናኙም ማለቴ ግን አይደለም። በ2016ቱ ህዝበ ውሳኔ ስኮትላንድ ውስጥ 62 በመቶው «አውሮፓ ውስጥ እንቆይ» ብሎ ነበር። ሰሜን አየርላንድ ውስጥም 56 በመቶ ገደማ። በጠቅላላው ቆጠራ ግን «እንውጣ» ያሉት 52 በመቶ ሆነው አሸነፉ። ከአገሪቱ ሕዝብ ከመቶ 84 ያህሉ የሚኖረው እንግሊዝ ውስጥ ነው። እሷ ወዳጋደለችበት ሁሉም ይሄዳል። በስኮትላንድ ዋና ከተማ በኤድንብራ «ያልመረጥነውን ተጫነብን» የሚለው ምሬት ያኔ ከረረ፤ ለንደንም ስለ ቤቷ መጨነቅ ጀመረች።

«ራሱን የቻለ ትልቅ ሚኒስቴር መሥሪያ ቤት አለው»

እኛ አገር የፌዴራል ጉዳዮች ሚኒስቴር ነበር፤ ዛሬ የሰላም ሚኒስቴር አለ። ስለዚህ ሚኒስትር ሲባል ሕንፃና ማኅተም ወዲያው ይታየናል። የኅብረቱ ሚኒስትር ግን የጠቅላይ ሚኒስትሩ ተደራቢ ማዕረግ ነው። በአዋጅ አልተቋቋመም። ጆንሰን ሥልጣን በያዙ ሰሞን ደርበው ያዙት፤ ሊዝ ትረስ፣ ሪሺ ሱናክና ኬር ስታርመርም ተቀባበሉት።

እንዲህ መደረብ እዚያ አገር የቆየ ልማድ ነው። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ከ1968 ጀምሮ የሲቪል ሰርቪስ ሚኒስትርም ናቸው። በመኖሪያቸው በዳውኒንግ ጎዳና ቁጥር 10 ታዋቂ ጥቁር በር ላይ ያለው የናስ የፖስታ ማስገቢያ ደግሞ «ጠቅላይ ሚኒስትር» አይልም። ሌላውን ተደራቢ ማዕረጋቸውን፣ «የግምጃ ቤቱ ቀዳሚ ሎርድ»ን ነው የሚለው።

የዕለት ተዕለቱ ሥራ ያለው ሌላ ዘንድ ነው። ስኮትላንድ፣ ዌልስና ሰሜን አየርላንድ በካቢኔው ውስጥ እያንዳንዳቸው የራሳቸው ሚኒስትር አላቸው። የዌልሱ በ1964፣ የሰሜን አየርላንዱ በ1972 ነው የመጣው። የስኮትላንዱ ከሁለቱም ይቀድማል።

«ማዕረጉ ስኮትላንድንና ዌልስን የማዘዝ ሥልጣን ሰጣቸው»

ይህ በደንብ የተፈተነው በኮሮና ጊዜ ነው። ሜይ 10 ቀን 2020 ጆንሰን በቴሌቪዥን ቀርበው «ቤት ቆዩ» የሚለውን መልእክት «ንቁ ሁኑ» በሚል ቀየሩት። የስኮትላንድ፣ የዌልስና የሰሜን አየርላንድ መንግሥታት፣ ማለትም ኤድንብራ፣ ካርዲፍና ቤልፋስት፣ አልተቀበሉትም። እዚያ መልእክቱ «ቤት ቆዩ» እንደሆነ ቀጠለ። በዚያው ዓመት ኦክቶበር ላይ ዌልስ በራሷ ውሳኔ ለ17 ቀን በሯን ዘጋች፤ ስትጀምር እንግሊዝ ውስጥ አገር አቀፍ መዝጊያ አልነበረም። የኅብረቱ ሚኒስትር ተብለው የተሾሙት ሰውዬ ለጤና ጉዳይ በተግባር የእንግሊዝ መሪ ብቻ ሆነው ቁጭ አሉ። ምክንያቱም ጤናና ትምህርት ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ለየክልሉ መንግሥት የተላለፉ ሥልጣኖች ናቸው።

ለንደን አቅም የላትም ማለት ግን አይደለም። በጃንዋሪ 2023 የስኮትላንድ ፓርላማ ያጸደቀውን ሕግ ማዕከላዊው መንግሥት ወደ ንጉሡ ፊርማ እንዳይሄድ አገደው። ሕጉ ሰዎች በሕግ የተመዘገበ ጾታቸውን የሚቀይሩበትን አሠራር የሚያቀል ነበር። የ1998ቱ የስኮትላንድ አዋጅ አንቀጽ 35 ለማገድ ይፈቅዳል። ከዚያ በፊት አንድም ቀን ተሠርቶበት አያውቅም። ታዲያ የማገጃው ትእዛዝ የወጣው በማን ስም ነው? በስኮትላንድ ጉዳይ ሚኒስትሩ። ሥልጣኑ ያለው አዋጁ ውስጥ ነው፤ በ2019 የተጨመረው ስም ጋ አይደለም።

«ብሪታንያም እንደኛ ፌዴሬሽን ናት»

አይደለችም። እኛ ዘንድ ክልሎች በሕገ መንግሥት ላይ ቆመዋል። እዚያ ግን በአንድ ሰነድ የተጻፈ ሕገ መንግሥት የለም፤ ኤድንብራና ካርዲፍ ያላቸው ሥልጣን የለንደኑ ፓርላማ በአዋጅ የሰጣቸው ነው። የሰጠ ደግሞ መንሳት ይችላል። ለ50 ዓመት የቆየውን የሰሜን አየርላንድ ፓርላማ በ1972 አግዶታል። በዚህ ላይ ትልቋ እንግሊዝ የራሷ ክልላዊ ፓርላማ የላትም። ትልቁ ወንድም ክፍል የሌለው፣ ሳሎኑን ግን የያዘ ቤት በሉት።

«ስኮትላንድ ከፈለገች በራሷ ህዝበ ውሳኔ ጠርታ ትሄዳለች»

አንቀጽ 39ን እየሰማ ላደገ ሰው ይህ ተፈጥሯዊ ግምት ነው። የእኛው ሕገ መንግሥት መገንጠልን በስም ጠርቶ ሥርዓቱን ይዘረዝራል፦ የምክር ቤት ሁለት ሦስተኛ ድምፅ፣ ከዚያ በሦስት ዓመት ውስጥ ህዝበ ውሳኔ። ስኮትላንድ እንዲህ ያለ አንቀጽ የላትም። የ2014ቱ ህዝበ ውሳኔ የተካሄደው የያኔው ጠቅላይ ሚኒስትር ዴቪድ ካሜሮንና የስኮትላንድ መንግሥት መሪ አሌክስ ሳልመንድ በ2012 ኤድንብራ ላይ ስለተፈራረሙ ነው። ከመራጩ 84.6 በመቶው ወጣ፤ የ16 ዓመት ልጆች ሳይቀሩ መረጡ። 55.3 በመቶው መገንጠሉን አልደገፈም።

ከብሬግዚት በኋላ ኤድንብራ ዳግመኛ ጠየቀች። ጠቅላይ ሚኒስትሮቹ ቴሬዛ ሜይ በ2017፣ ጆንሰን በ2020 አይሆንም አሉ። በኖቬምበር 2022 ደግሞ የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አምስት ዳኞች በሙሉ ድምፅ የስኮትላንድ ፓርላማ ብቻውን ህዝበ ውሳኔ መጥራት አይችልም ብለው ወሰኑ።

ብዙ ሰው የማያውቀው ግን ሰሜን አየርላንድ መውጫ በር እንዳላት ነው። ከ1998ቱ የሰላም ስምምነት በኋላ የወጣው አዋጅ እንዲህ ይላል፦ አብዛኛው ሕዝብ ከአየርላንድ ጋር መዋሃድን ሳይመርጥ አይቀርም የሚል ግምት ካለ፣ የሰሜን አየርላንድ ጉዳይ ሚኒስትሩ ህዝበ ውሳኔ የመጥራት ግዴታ አለበት። የሚገምተው ያው ሚኒስትሩ ራሱ ነው። በምን መለኪያ? አዋጁ አይናገርም። በአንድ አገር ውስጥ ለአንዷ በር ተሠርቶ ለሌላዋ ግድግዳ መሆኑ ለእኔ ከማዕረጉ ሁሉ በላይ ይገርመኛል።

«አንድ ያደረጋቸው ጠቅላይ ሚኒስትሩ የሚያድሉት ገንዘብ ነው»

ጆንሰን እንደተሾሙ ስኮትላንድ ሄደው ለስኮትላንድ፣ ለዌልስና ለሰሜን አየርላንድ የሚሆን 300 ሚሊዮን ፓውንድ ማስታወቃቸው እውነት ነው። ዋናው በጀት ግን የሚወሰነው በቀመር ነው። ለእንግሊዝ ትምህርት ቤቶች ሲጨመር ለሌሎቹም በሕዝብ ብዛታቸው ልክ ይጨመራል። ቀመሩ በ1970ዎቹ መጨረሻ የግምጃ ቤት ሹም በነበሩት በጆኤል ባርኔት ስም ይጠራል። ለጊዜው ተብሎ ነበር የመጣው። ባርኔት ራሳቸው በኋላ ይቀየር ቢሉም እስካሁን አለ።

«እንግዲያው ማዕረጉ ባዶ ጌጥ ነው»

ይኼም ትንሽ ይበዛበታል። ስም ያለው ሰው «ምን ሠራህ?» ተብሎ ይጠየቃላ። ከ2022 ጀምሮ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ከክልል መሪዎች ጋር የሚቀመጡበት ምክር ቤት ተቋቁሟል። ስታርመር በ2024 እንደተመረጡ በሁለት ቀን ውስጥ ኤድንብራን፣ ቤልፋስትንና ካርዲፍን አዳረሱ፤ ኦክቶበር ላይ ደግሞ መሪዎቹን ኤድንብራ ላይ ሰበሰቡ።

ሥራው ሲጓደል ደግሞ ምን እንደሚመስል ሊዝ ትረስ አሳይተውናል። ማዕረጉ ነበራቸው። በ49 ቀን የሥልጣን ዘመናቸው ግን ለያኔዋ የስኮትላንድ መሪ ኒኮላ ስተርጅንም ሆነ ለዌልሱ መሪ ማርክ ድሬክፎርድ ስልክ አልደወሉም። ተተኪያቸው ሱናክ ለሁለቱም የደወሉት በተሾሙበት ዕለት ማታ ነው።