ውርጭ፦ የኢትዮጵያ ከፍተኛ ተራሮች ሥነ ምህዳርና የደረሰበት ለውጥ

ውርጭ በኢትዮጵያ ነባር የአየር ንብረት አከፋፈል ከደጋ በላይ ያለው፣ የመጨረሻውና ብርዱ የበረታው የተራራ ምድር ነው። የሚጀምርበት ከፍታ እንደየአካባቢው ይለያያል፤ አብዛኛው ጽሑፍ ከባሕር ወለል በላይ ከ3,200 ሜትር አካባቢ ያስጀምረዋል። ሌሊት ወርዶ የገብስ ቡቃያ የሚያቃጥለው ውርጭ ለምድሩም መጠሪያ ሆኗል። በአፍሪካ ከ3,000 ሜትር በላይ ከሆነው መሬት 80 በመቶ ያህሉ ኢትዮጵያ ውስጥ እንደሚገኝ በተደጋጋሚ ይጠቀሳል። ስለ አፍሪካ ውርጭ የሚጽፍ ሰው፣ ፈለገም አልፈለገም፣ ስለ እኛ ተራሮች ይጽፋል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት፣ ዓ.ም. ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ይህ ምድር የተያያዘ አይደለም። ስሜን፣ ጉና፣ ጮቄ፣ አቡነ ዮሴፍ፣ መንዝ፣ አርሲና ባሌ በቆላና በወይና ደጋ ተከበው እንደ ደሴት ለየብቻ ቆመዋል፤ ሰሜኑን ከባሌና ከአርሲ ደግሞ ስምጥ ሸለቆው ይለያቸዋል። ከአንዱ ተራራ ወደ ሌላው መሻገር የሚፈልግ ተክል ወይም አውሬ ሞቃት ቆላ ማቋረጥ አለበት። አብዛኛው አይችልም።

የሰሜኑ ተራሮች መሠረት ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከምድር ስንጥቅ እየፈሰሰ የተደራረበ የእሳተ ገሞራ ዐለት ነው። በበረዶ ዘመን የስሜንና የባሌ ጫፎች የበረዶ ግግር ለብሰው ነበር። ባሌ ውስጥ ፊንጫ ሀበራ በሚባል የዋሻ ጥላ፣ 3,469 ሜትር ላይ የተደረገ ቁፋሮ ውጤቱ በ2019 ታትሟል። ከ47,000 እስከ 31,000 ዓመት በፊት ባለው ጊዜ ሰዎች እዚያ ድረስ ወጥተው ይኖሩ፣ ግዙፉን የባሌ ፍልፈልም ጠብሰው ይበሉ ነበር። ውርጭ ሰው ያልረገጠው ምድር ነው የሚለው አባባል እንግዲህ አያስኬድም።

ቀን ላይ ፀሐዩ ቆዳ ይልጣል፤ ሲመሽ ሰማዩ ጥርት ካለ አመዳይ ይወርዳል። ሌላ አገር በወራት የሚፈራረቀው ሙቀትና ብርድ እዚህ በአንድ ቀን ውስጥ ይፈራረቃል። ከታች በኩል ኮሶ፣ አምጃና አስታ ይበቅላሉ፤ አስታ ከዛፍ ወደ ቁጥቋጦ እያነሰ ይሄድና ቦታውን ለጓሳ ሣር፣ ለነጭሎና ለጦስኝ ይለቃል። ከዚህ ሁሉ በላይ ጎልቶ የሚታየው ጅብራ ነው፤ ከኢትዮጵያ ውጭ አይገኝም። ጅብራ ቀን የዘረጋቸውን ቅጠሎች ማታ ወደ መሐል ይሰበስባል፤ ለጋውን እምብርት ከውርጭ የሚያድነው በዚህ ነው። ለዓመታት ሲያድግ ኖሮ አንድ ጊዜ ብቻ ያብባል። የአበባው ዘንግ ከሰው ቁመት አልፎ ይመዘዛል፤ ዘሩን ከበተነ በኋላ ተክሉ እንደቆመ ይደርቃል። በአረንጓዴዎቹ መሐል ጠቁረው የቆሙት ዘንጎች የዚህ ምድር መለያ ናቸው።

ከእንስሳቱ ዋልያ ከስሜን በቀር የትም የለም። ቀይ ቀበሮ በዓለም ላይ ከ500 አይበልጥም፤ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ባሌ ላይ ይኖራል። ቀበሮው ትልቅ አዳኝ ቢመስልም የሚኖረው በአይጥና በፍልፈል ነው። በመንዝ ጓሳ ተመራማሪዎች ያዩት ነገር በቅርብ ሊታይ የሚገባው ነው። የጭላዳ ዝንጀሮ መንጋ ቁጭ ብሎ ሣር ሲነጭ ቀይ ቀበሮ ቀስ እያለ በመካከሉ ይገባል። ግልገሎቹን እምብዛም አይነካም፤ ጭላዳዎቹም አይሸሹትም። በ2015 እንደታተመው፣ ቀበሮው በመንጋ መሐል ሆኖ ካደረጋቸው ሙከራዎች 67 በመቶ ሲሳካለት፣ ለብቻው ሲያድን የተሳካለት 25 በመቶ ብቻ ነው። መንጋው አይጦቹን ከጉድጓድ ያስወጣለት ይሁን ወይስ ይሸፍነው፣ ምክንያቱ ገና አልተቆረጠም።

ከተራሮቹ ሁሉ ብዙ የተጻፈለት ስሜን ነው። በ1830ዎቹ አገሩን የጎበኘው ጀርመናዊው ኤድዋርድ ሩፐል የአገሬው ሰው ሲያውቃቸው የኖረውን ዋልያንና ቀይ ቀበሮን ለሳይንስ አስተዋወቀ። ስሜን በ1969 ብሔራዊ ፓርክ ሆነ፤ በ1978 በዓለም ቅርስነት ከተመዘገቡት የመጀመሪያዎቹ 12 ቦታዎች አንዱ ለመሆን በቃ፤ ከእነዚያው 12ቱ አንዷ ላሊበላ ናት። በ1996 ዋልያና ቀይ ቀበሮ በመመናመናቸው፣ እርሻና መንገድ ወደ ውስጥ በመግባታቸው አደጋ ላይ ያሉ ቅርሶች መዝገብ ውስጥ ገባ። ከዚያ ለመውጣት ከ20 ዓመት በላይ ፈጅቷል። አማራጭ መንገድ ተሠራ፤ በፓርኩ እምብርት የነበረው የግጭ መንደር በ2016 ወደ ደባርቅ ተዛወረ፤ በ2017 ስሜን ከመዝገቡ ወጣ። መንደሩ መነሣቱ ለሣሩ እፎይታ ሰጥቷል የሚሉ አሉ፤ የተነሡት ሰዎች ከተማ ላይ የገጠማቸው ኑሮ አልታሰበበትም የሚሉም አሉ፤ ሁለቱም ሊሰሙ ይገባል። በ2019 የተነሣውን እሳት ለማጥፋት የአካባቢው ሕዝብ ቀን ከሌት ሲረባረብ ከኬንያ ሄሊኮፕተር፣ ከእስራኤል የእሳት አደጋ ባለሙያዎች መጥተው ነበር። የራስ ደጀን ከፍታ ግን እስካሁን አላግባባም። ቀድሞ 4,620 ሜትር ይባል ነበር፤ ዛሬ በብዙ ቦታ የሚጻፈው 4,550 ወይም 4,533 ነው።

ስለ ጥበቃ ሲወራ ከፓርክ በፊት መነሣት ያለበት የመንዝ ጓሳ ነው። ወደ 100 ካሬ ኪሎ ሜትር የሚሆነው ይህ የሣር ምድር ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ ቄሮ በሚባል ሥርዓት ሲጠበቅ ኖሯል። የመጠቀም መብቱ በአጽመ ርስት፣ ማለትም ከአባት በሚወረስ የመሬት መብት፣ የቀደምት አባቶቹ የአስቦና የጌራ ዘሮች ነበር። መሬቱ አንዳንዴ ከሦስት እስከ አምስት ዓመት ይዘጋል፤ ከብት አይገባበትም፣ ማጭድ አያርፍበትም። ሣሩ ሲደርስ ወይም ድርቅ ሲበረታ ሽማግሌዎች መክረው ይከፍቱታል። ያን ጊዜ ሁሉም ማጭዱን ይዞ ይወጣል፤ ከጓሳ ሣር ጎጆ ይከደናል፣ ገመድ ይገመዳል፣ ከዝናብ የሚያስጥል ገሳ ይሠራል። ጠባቂዎቹን የሚመርጠው ሕዝቡ ነው፤ ክተት ሲባል አቅም ያለው ወንድ ሁሉ ይወጣል፤ የተከለለውን የደፈረም ይቀጣል። ቤተ ክርስቲያንም ሥልጣኗን ከሥርዓቱ ጎን አቁማ ነበር። ከዚህ ቀደም ብሎ የተጀመረና እስከ ዛሬ የዘለቀ የሕዝብ ጥበቃ በአፍሪካ ብዙ አይገኝም።

የ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ አጽመ ርስትን ሲሽር ቄሮም አብሮ ወደቀ፤ ቀድሞ መብት ያልነበራቸውም ተጠቃሚ ሆኑ። ያ ጊዜ ለገባሩ ፍትሕ፣ ለሣሩ ፈተና ነበር። በኋላ ኅብረተሰቡ በኮሚቴ ተደራጅቶ ጥበቃውን መለሰው። ጓሳው ዛሬም አለ።

በሌሎቹ ተራሮች ላይ የደረሰው እንዲህ አይደለም። ብዙ የዓባይ ገባሮች የሚነሡበት ጮቄ እስከ ላይኛው ቁልቁለቱ ታርሶ ቀይ ቀበሮው ጠፍቷል። ስሜን ውስጥ ገብስ ወደ 4,000 ሜትር ተጠግቷል። ትናንት ጓሳ የነበረው ቁልቁለት ድንጋዩ ይለቀምና ጥማድ ይገባበታል፤ ጥቂት ክረምት ሲያልፍ ስሱ አፈር ታጥቦ ጠጠሩ ይቀራል፤ ገበሬውም ሌላ ቁልቁለት ፍለጋ ወደ ላይ ይወጣል። ከከብቱ ጋር የሚወጡት ውሾች ሌላ መዘዝ አላቸው። ባሌ ውስጥ በ2003 እና 2004 የውሻ እብደት በሽታ የወብ ሸለቆን ቀበሮዎች ሦስት አራተኛ ያህል ጨርሷል፤ ከ2018 ጀምሮ ክትባቱ በሥጋ ውስጥ ተደርጎ ለቀበሮዎቹ ይሰጣል።

ከመቶ ዓመት በፊት 40 በመቶ የሚሆነው የአገሪቱ መሬት ደን ነበር የሚለው ዝነኛ አኃዝ ምንጩ አጠራጣሪ ነው። በ1868 የእንግሊዝ ጦር ሲያልፍ የተነሡት የሰሜን ኢትዮጵያ ፎቶግራፎች ከዛሬው ጋር ሲተያዩ፣ በብዙ ቦታ ዛፉ ያኔ ያነሰ ነበር። ስሜን ውስጥም ጥበቃው ከጠበቀ ወዲህ አስታ ቀድሞ ባልነበረባቸው ቁልቁለቶች እየወጣ ነው። ይህ የሙቀት መጨመር ወይስ የመጥረቢያና የከብት መቀነስ ውጤት እንደሆነ መለየት ያስቸግራል፤ በእኔ ግምት ሁለተኛው ይበልጣል።

ሙቀቱ ግን እየመጣ ነው። ተራራ ሲወጣ በየ100 ሜትሩ ሙቀት ወደ 0.6 ዲግሪ ስለሚቀንስ፣ የሁለት ዲግሪ ጭማሪ የአየር ንብረትና የዕፅዋት ቀበቶዎቹን ሁሉ ከ300 ሜትር በላይ ወደ ላይ ይገፋል። ለጭላዳ የተሠራ ስሌት ከዚህም የከፋ ነው፤ በሁለት ዲግሪ የመኖሪያው የታች ወሰን 500 ሜትር ይወጣል። ስለ ጅብራ በ2016 የታተመ ጥናት ደግሞ በ2080 ለተክሉ የሚስማማው መሬት ዛሬ ካለው 3.4 በመቶ ብቻ እንደሚቀር ገምቷል። ጅብራ በየተራራው ተለይቶ ስለኖረ የአንዱ ዘር ከሌላው የተለየ ነው፤ ከጮቄ ቢጠፋ ከስሜን አምጥቶ መትከል ያንኑ ተክል መመለስ አይሆንም።