ዕጣ ሲበዛ ድምፅም ይበዛል?

ጅማ ዙሪያ ያላችሁ የቡና ኅብረት ሥራ ማኅበር አባላት ደጋግማችሁ ትጠይቃላችሁ፦ «አሥር ዕጣ ገዝቻለሁ፤ አሥር ድምፅ አለኝ አይደል?»

የለህም። ዕጣ በማኅበሩ ውስጥ የገዛኸው ድርሻ ነው፤ ድምፅህ ግን አንድ ነው። በኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 985/2009 መሠረት በመሠረታዊ ማኅበር፣ ማለትም ግለሰቦች በቀጥታ አባል በሆኑበት ማኅበር፣ ድምፅ የሚቆጠረው በሰው እንጂ በዕጣ አይደለም። ግራ የሚያጋባን አክሲዮን ማኅበር ነው፤ እዚያ ድምፁ ገንዘቡን ይከተላል።

ቶላ አንድ ዕጣ፣ ከድር አሥር ዕጣ አላቸው እንበል። አመራር ሲመረጥ ሁለቱም እጃቸውን የሚያወጡት አንዴ ነው። ከዕጣ በሚገኘው ትርፍ ክፍፍል ግን ከድር የበለጠ ይደርሰዋል። ተገቢም ነው፤ ብሩን ያስቀመጠው እሱ ነዋ! ባለ ብሩ ብቻውን ሊቀመንበር እየሾመ ቢኖር ግን፣ ባለ አንድ ዕጣው ገበሬ ስብሰባ ምን ሊሠራ ይመጣል?

የአንድ ዕጣ ዋጋ ከማኅበር ማኅበር ይለያያል። እሱን መተዳደሪያ ደንባችሁ ላይ እዩት።