የፋይበር ኦፕቲክ ገመድ፦ ከምን ይሠራል፣ እንዴት ይዘረጋል

የፋይበር ኦፕቲክ ገመድ መልእክት የሚያደርሰው በኤሌክትሪክ ሳይሆን በብርሃን ነው። በምሰሶ ላይ የምናየው ጥቁር ገመድ ልብሱ ብቻ ነው፤ ፋይበሩ በውስጡ ያለው የብርጭቆ ክር ነው። ክሩ 125 ማይክሮሜትር፣ ማለትም የሚሊሜትር አንድ ስምንተኛ ያህል ይወፍራል። ለረጅም ርቀት በሚያገለግለው ዓይነት ብርሃኑ የሚጓዝበት እምብርት ደግሞ 9 ማይክሮሜትር ገደማ ነው።

እምብርቱም ዙሪያውም እጅግ የነጠረ ሲሊካ ናቸው። እምብርቱ ላይ ጥቂት ጀርማኒየም ስለሚጨመር ብርሃኑ ዳር ሲደርስ ተንጸባርቆ ወደ ውስጥ ይመለሳል። በ1966 ዓ.ም. (እ.አ.አ) ቻርለስ ካኦ እና ጆርጅ ሆክሃም ብርሃኑን የሚያከስመው በብርጭቆው ውስጥ ያለው ቆሻሻ እንጂ ብርጭቆው ራሱ እንዳልሆነ አሳዩ፤ ከአራት ዓመት በኋላ የኮርኒንግ ኩባንያ ተመራማሪዎች ለሥራ የሚበቃ ክር አወጡ። ካኦ በ2009 የፊዚክስ ኖቤል ተሸልሟል። ዛሬ በ1550 ናኖሜትር የሞገድ ርዝመት የሚጠፋው በኪሎ ሜትር 0.2 ዲሲቢል (የብርሃን መዳከም መለኪያ) ገደማ በመሆኑ ከ15 ኪሎ ሜትር በኋላ እንኳ ግማሹ ብርሃን ይተርፋል። የመስኮት መስታወት ይህን አይሞክረውም።

ብርጭቆ ሲጎተት ጠንካራ ነው፤ የሚያሸንፈው ጥቃቅን ጭረትና እርጥበት ነው። ስለዚህ ክሩ ገና ሲመረት በፕላስቲክ ይለበጣል፤ ከዚያም ውኃ በሚከለክል ቅባት በተሞላ ወይም ውኃ የሚመጥ ነገር ባለው ቱቦ ውስጥ ላላ ብሎ ይቀመጣል። ጉተታውን የሚሸከሙት አራሚድ የሚባሉ ጠንካራ ሰው ሠራሽ ክሮችና በመሃል ያለው ዘንግ ናቸው። የውጭው የፖሊኤቲሊን ፕላስቲክ ጥቁር የሆነው ለውበት አይደለም፤ የተቀላቀለበት ጥላሸት ፀሐይን ይቋቋማል። አይጥ በሚበዛበት ቦታ የብረት ሽፋን ይታከልበታል።

በዝርጋታ ጊዜ ትልቁ ጥፋት ማጠፍ ነው። የተለመደው ደንብ እየተጎተተ ያለ ገመድ የመታጠፊያው ሬዲየስ ከገመዱ ውፍረት 20 እጥፍ፣ ካረፈ በኋላ 10 እጥፍ እንዳያንስ ይላል፤ 12 ሚሊሜትር ለሚወፍር ገመድ 24 ሴንቲሜትር እና 12 ሴንቲሜትር ማለት ነው። ከዚህ ካነሰ ብርሃኑ ከመታጠፊያው ያመልጣል። ከጥቅሉ የወጣ ገመድ መሬት ላይ ሲከመር በ8 ቁጥር ቅርጽ የሚነጠፈውም እንዳይጠመዘዝ ነው።

ሁለት ክሮች የሚቀጠሉት በብየዳ ነው። ሽፋኑ ይገፈፋል፣ ክሩ በአልኮል ይጠረጋል፣ ጫፉ ቀጥ ብሎ ይቆረጣል፣ ማሽኑ በኤሌክትሪክ ብልጭታ ያቀልጠዋል። ደህና ብየዳ ከ0.1 ዲሲቢል በታች ያባክናል። አቧራ ባለበት መንገድ ዳር ይህን መሥራት ትዕግሥት ይጠይቃል፤ በኮኔክተር (ክሩን ከመሣሪያ ጋር በሚያገናኘው መሰኪያ) ጫፍ ላይም ያረፈች ብናኝ እምብርቱን ሙሉ በሙሉ ልትሸፍን ትችላለችና።

ብዙ ሰው የሚፈራው በክሩ ውስጥ የሚያልፈውን የሌዘር ጨረር ነው። ፍርሃቱ ትክክል ነው፤ ብርሃኑ ለዓይን አይታይም፣ ስለዚህ ጨለማ የመሰለውን የክር ጫፍ እንኳ አተኩሮ መመልከት አይገባም። ለእኔ ግን ይበልጥ የሚያሳስበው ስባሪው ነው። ቆዳ ውስጥ የገባ የብርጭቆ ስባሪ ለማየትም ለማውጣትም ያስቸግራል። ባለሙያው መነጽር ያደርጋል፣ በጥቁር ምንጣፍ ላይ ይሠራል፣ ስባሪውን በሚከደን ዕቃ ያጠራቅማል፤ በሥራው ቦታ አይበላም፣ እጁን ሳይታጠብም ዓይኑን አይነካም። አልኮሉ ከብየዳው ብልጭታ ይራቃል። ማንሆል (ገመዱ የሚያልፍበት ክዳን ያለው የመሬት ውስጥ ጉድጓድ) ከመግባት በፊት አየሩ ይለካል።

ኢትዮጵያ ባሕር በር ስለሌላት ከባሕር ሥር ገመዶች ጋር የምትገናኘው በጂቡቲና በሌሎች ጎረቤቶች በኩል በሚያልፍ ፋይበር ነው። በከፍተኛ ኃይል መስመሮች አናት ላይ ካለው የመብረቅ መከላከያ ሽቦ ውስጥ የሚያልፍ ፋይበርም አለ። በከተማ የመንገድ ቁፋሮ የተቀበረውን ገመድ በተደጋጋሚ ይበጥሳል፤ ከገመዱ በላይ የማስጠንቀቂያ ጥብጣብ የሚቀበረው ቆፋሪው አስቀድሞ እንዲያገኘው ነው።

የተበጠሰበት ቦታ የሚፈለገው ብርሃን ልኮ ነጸብራቁ እስኪመለስ ያለውን ጊዜ በሚለካ መሣሪያ ነው፤ እያንዳንዱ ማይክሮሰከንድ 100 ሜትር ገደማ ያመለክታል። መሣሪያው የሚናገረው ግን የክሩን ርዝመት እንጂ የመንገዱን አይደለም። በየማንሆሉ ለመጠባበቂያ የተጠቀለለው ገመድ በካርታው ላይ ካልተመዘገበ ጥገናው ያልተበጠሰ ቦታ በመቆፈር ይጀምራል።