ሳክስፎን በኛ ሀገር ዘፈን ውስጥ

ሳክስፎን ሲባል ብዙ ሰው ቶሎ ትዝ የሚለው ኬኒ ጂ ነው፣ ሆቴል ሎቢ ቁጭ ብለህ ማኪያቶ ስትጠብቅ ከጣራው ስፒከር የሚንቆረቆረው ማለት ነው። እሱንም አልጠላም፣ ግን የኛ ሀገር ሳክስ ሌላ ነገር ነው፣ እኛ ጋ ሳክስ የዘፋኙ ተቀባይ ነው፣ ድሮ አዝማሪው ስንኙን ሲጨርስ ማሲንቆው ተቀብሎ ይደግመው እንደነበረው።

መጀመሪያ ስለ መሳሪያው ትንሽ። የሰራው አዶልፍ ሳክስ የሚባል ቤልጂየማዊ ነው፣ ፓተንቱን ፓሪስ ላይ ያገኘው በ1846 ነው (እዚህ ያለው ዓመት ሁሉ በፈረንጅ ነው)። ገላው ነሐስ ስለሆነ ብዙ ሰው ከትራምፔት ጋር ይመድበዋል፣ ድምፁ የሚወጣው ግን አፉ ላይ ከምትታሰረው ከሸምበቆ ከተላገችው ሪድ ስለሆነ የቅርብ ዘመዱ ክላርኔት ነው። ሪዷ ደረቅ ከሆነች አትታዘዝም። ለዛ ነው ሳክስ ተጫዋች መድረክ ከመውጣቱ በፊት እንደ ከረሜላ አፉ ውስጥ ይዟት ሲንጎራደድ የምታየው፣ ሰላም ብትለው በግንባሩ ነቅነቅ ብሎ ነው የሚመልስልህ። ሌላው፣ ኖታውን ጣት ይምረጠው እንጂ ከንፈር ላላ ወይ ጠበቅ ሲል ድምፁ ወደ ላይም ወደ ታችም ይንሸራተታል፣ ይቺን ነገር ያዟት።

ውጪ ሀገር ከጃዞቹ ከነቻርሊ ፓርከርና ከነጆን ኮልትሬን ሌላ በፖፕ ሙዚቃም ትልቅ ቦታ ነበረው። በ1950ዎቹ ሮክ ኤንድ ሮል ላይ ኪንግ ከርቲስ ነበር፣ ጄምስ ብራውን ደግሞ ዘፈን መሃል ላይ ማሴዎ ፓርከርን በስሙ እየጠራ ያስነፋው ነበር፣ በ1984 የወጣውን የጆርጅ ማይክልን "ኬርለስ ዊስፐር" ግጥሙን አንድ መስመር የማያውቅ ሰው ሁሉ የስቲቭ ግሪጎሪን የሳክስ መግቢያ ያንጎራጉረዋል። አፍሪካ ውስጥም የናይጄሪያው ፌላ ኩቲና የካሜሩኑ ማኑ ዲባንጎ አሉ።

ወደኛ ስንመጣ ሳክስ የገባው በወታደር በር ነው። ራስ ተፈሪ በ1924 ኢየሩሳሌም ሄደው ሳለ ወላጆቻቸውን ያጡ የአርመን ልጆች ባንድ ሰምተው ወደዱትና አርባዎቹንም ከአስተማሪያቸው ከኬቮርክ ናልባንዲያን ጋር አዲስ አበባ አመጧቸው፣ "አርባ ልጆች" የሚባሉት እነሱ ናቸው። ከዛ በኋላ የክቡር ዘበኛ፣ የፖሊስ፣ የጦር ሰራዊት፣ የማዘጋጃ ቤት እየተባለ ባንዱ በዛ። ጥላሁን ገሠሠና ማህሙድ አህመድ ከክቡር ዘበኛ፣ ዓለማየሁ እሸቴ ከፖሊስ ነው የወጡት፣ ከኋላቸው ደግሞ ዩኒፎርም የለበሰ ሙሉ የትንፋሽ መሳሪያ ሰልፍ ነበረ። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር (የዛሬው ብሔራዊ) በ1955 ከተከፈተ በኋላ የኬቮርክ ወንድም ልጅ ነርሲስ ናልባንዲያን ኦርኬስትራውን ይዞ ያገርኛውን ዜማ ለትንፋሽ መሳሪያዎች እያቀናበረ አስለመዳቸው።

ከዚህ ሁሉ መሃል ግን ሳክሱን አማርኛ ያናገሩት ጋሽ ጌታቸው መኩሪያ ናቸው ባይ ነኝ። በ1935 ይፋት ተወለዱ፣ በልጅነታቸው ክራርና ማሲንቆ ሞካክረዋል፣ በ1949 ገና ጎረምሳ ሆነው ማዘጋጃ ቤት ባንድ ገቡ፣ ከዛ ወደ ቴአትሩ፣ በ1965 ደግሞ ወደ ፖሊስ ኦርኬስትራ። ያመጡት ነገር ሽለላ ነው። ሽለላና ፉከራ ዘማች ጎራዴውን ይዞ ወዲያ ወዲህ እያለ በአፉ የሚለው ነገር ነው፣ ምት የለውም፣ ከበሮ አይጠብቅም፣ ትንፋሽ እስኪያልቅ ተለቆ በመጨረሻ ይቆረጣል። ጋሽ ጌታቸው ይሄን እንዳለ ቴነር ሳክስ (ወፈር ያለ ድምፅ ያለው ሳክስ) ውስጥ ከተቱት፣ የአንበሳ ጎፈር ራሳቸው ላይ ደፍተው ቆዳ ለብሰው መድረክ ላይ ሲቆሙ ሳክሱ "ዘራፍ" ነበር የሚለው። በኋላ ፈረንጆቹ ሰምተውት ፍሪ ጃዝ (በምትና በኖታ የማይታሰር ጃዝ) ነው ብለው ከአሜሪካኖቹ ሳክሲስቶች ከኦርኔት ኮልማንና ከአልበርት አይለር ጋር አወዳደሯቸው፣ እሳቸው ግን ይፋት የሰሙትን ነው የነፉት። በ1970ዎቹ መጀመሪያ ፊሊፕስ የሚባለው ኩባንያ ያወጣው ሸክላቸው በኋላ ኢትዮፒክስ በሚባለው የድሮ የኢትዮጵያ ዘፈኖች የሲዲ ተከታታይ ቁጥር 14 ሆኖ፣ የኢትዮጵያ ሳክስ ንጉሥ ተብሎ ወጣ፣ ከዛ ዘ ኤክስ የሚባሉ የሆላንድ ፓንክ ሮከሮች ጋብዘዋቸው ሰባ ዓመት ከሞላቸው በኋላ "ሞዓ አንበሳ" የሚለውን አልበም በ2006 አብረው ሰሩ። ፓንክና ሽለላ እንዴት ይገጥማል የሚል ሰው ይስማው፣ ሁለቱም ጩኸት ነው። በ2016 ነው ያረፉት።

አሁን ቅድም ያዟት ያልኩትን። የኛ ቅኝቶች፣ ትዝታም ባቲም አምባሰልም አንቺ ሆዬም፣ አምስት አምስት ድምፅ ናቸው፣ ዜማውን ዜማ የሚያደርገው ከአንዱ ድምፅ ወደ ሌላው ስትሄድ መንገድ ላይ የምትሰራው ነገር ነው፣ መንሸራተቱ፣ እርግብግቢቱ። ፒያኖ ቁልፉን ትመታለህ፣ አለቀ፣ መሃሉ ላይ ምንም የለም። ሳክስ ግን ከንፈር አለው። ትንፋሽ የሚወስድበት ቦታ ራሱ ዘፋኝ ከሚወስድበት ጋር አንድ ነው፣ ስለዚህ ድምፃዊው ስንኙን ጨርሶ ማይኩን ዝቅ ሲያደርግ ሳክሱ ያቺኑ መስመር ተቀብሎ ሲመልስ ግጥሙ የተደገመ ይመስልሃል።

ይሄን ለመስማት የማህሙድን "እረ መላ መላ" ክፈቱ፣ በ1975 ከአይቤክስ ባንድ ጋር የተሰራው። አይቤክስ ላይ የነበረው ሳክሲስት ፈቃዱ አምደመስቀል በኋላ ሮሃ ባንድ ላይም እሱ ነው፣ ሮሃ ደግሞ በካሴት ዘመን ያላጀበው ዘፋኝ የለም ማለት ስለሚቀል ፈቃዱን ስሙን ሳናውቅ ነው ያደግንበት። ዋልያስ ባንድ ላይ ሞገስ ሀብቴ ነበር፣ ባንዱ ሂልተን ይጫወት ነበር፣ በ1981 አሜሪካ ለኮንሰርት ሄደው ከፊሎቹ እዛው ሲቀሩ ሞገስም ቀረ። ከሶል ኤኮስ ባንድ ቴዎድሮስ ምትኩ፣ ተስፋማርያም ኪዳኔም አለ። እነዚህ ሰዎች ያለ ዘፋኝ የሰሯቸውን እኛ "ክላሲካል" እንላቸዋለን፣ ሞዛርት ይስማን አይስማን አላውቅም፣ እኛ ሀገር ግጥም ከሌለው ክላሲካል ነው። ግን ግጥም የለውም ማለትም አስቸጋሪ ነው፣ እናቴ የሳክስ ትዝታ በሬዲዮ ሲመጣ ሽንኩርት እየከተፈች ቃሉን ሙሉውን ትዘፍነዋለች፣ ሳክሱ አንድም ቦታ ጥሏት አይሄድም።

ደርግ ሲመጣ የሰዓት እላፊው ናይት ክለቡን ገደለው ወይ እስኪነጋ ቆልፎበት አሳደረው፣ አስራ ምናምን ሰው ይዞ መጫወት የማይታሰብ ሆነ፣ ሸክላው በካሴት ተተካ፣ ኪቦርድ ገባ። ከትራምፔትና ከትሮምቦን ይልቅ ሳክስ ቆይቷል፣ አንዱ ሁሉም ዜማ ላይ ስለሚሰራ ይመስለኛል፣ አራት ነፊ መክፈል የማይችል ባንድ አንድ ይቀጥራል። የባሰው በኋላ ነው የመጣው፣ ኪቦርዱ ራሱ ሳክስ ነኝ ማለት ሲጀምር። በዘጠናዎቹ ካሴቶች ላይ ያለችው ያቺ በአፍንጫዋ የምታለቅስ የኪቦርድ ሳክስ ስትመጣ እስካሁን ቴፑን ዝቅ አደርጋለሁ፣ ከንፈር የላትማ።

አሁን ያሉት ውስጥ ጆርጋ መስፍንን ስሙ፣ በራሱ የተማረ ነው፣ ውዳሴ የሚባል ባንድ አለው፣ የኃይሌ ገሪማን "ጤዛ" ፊልም ሙዚቃ ላይም ሰርቷል። ሠርግ ላይም ሳክስ ተመልሷል፣ ሙሽሮቹ ሲገቡ አንድ ልጅ ገመዱን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ በጠረጴዛዎቹ መሃል እየዞረ ይነፋል። ባለፈው አንድ ሠርግ ላይ አንዲት ትልቅ ሴትዮ እንደ አዝማሪ ሊሸልሙት ተነሱ፣ ብሩን ግንባሩ ላይ ለጠፉለት፣ ልጁ ዓይኑን ጨፍኖ ረጅሙን ትንፋሽ ላይ ስለነበረ አላየም፣ ብሩ ተንሸራቶ ሳክሱ ጉሮሮ ውስጥ ገባና ድምፁ ታፈነ። ሴትዮዋ ጎንበስ ብለው እጃቸውን ከተው አወጡትና መልሰው ግንባሩ ላይ ለጠፉት።