የሞተር ውድድርን ለማየት፦ ዓይናችሁን ኩርባው ላይ ጣሉ

አዳማ ላይ ሞተር የሥራ ዕቃ ነው። ዕቃ ያደርሳል፣ ሰው ያመላልሳል። ስፖርት ነው ሲባል ግን ብዙ ሰው የሚያስበው ፍጥነቱን ብቻ ነው። እውነትም ያስደነግጣል። ከአዲስ አበባ አዳማ በሚመጣው የፍጥነት መንገድ ጣሪያው በሰዓት 120 ኪሎ ሜትር ነው። ደቡብ አፍሪካዊው የሞተር ተወዳዳሪ ብራድ ቢንደር እ.ኤ.አ. በ2023 ጣሊያን ሙጄሎ ላይ 366.1 ደርሷል። ሦስት እጥፍ ማለት ነው።

እኔ ግን አዲስ ተመልካች ኩርባውን እንዲያይ እመክራለሁ። ፉክክሩ ያለው ፍሬን ላይ ነው። ከ300 በላይ ሲበር የነበረው ሰው በጥቂት ሰከንድ መታጠፍ ወደሚችልበት ፍጥነት መውረድ አለበት። ቀድሞ ፍሬን የያዘ ይቀደማል፤ ያዘገየ ከመስመር ይወጣል። ፍሬኑ ካርቦን ነው፣ በደንብ የሚይዘውም ሲግል ነው። ከዚያ ሞተሩ ከ60 ዲግሪ በላይ ይጋደማል። ጉልበትና ክርን አስፋልት ይነካሉ። ያን ሁሉ ክብደት የተሸከመው መዳፍ የምታህል የጎማ ክፍል ናት።

የዓለም ሻምፒዮናው እ.ኤ.አ. በ1949 ተጀመረ። ትልቁ ምድብ ሞቶ ጂፒ የተባለው እ.ኤ.አ. በ2002 ነው። ወጣቶች ከታችኛው ምድብ ከሞቶ 3 ተነስተው፣ በሞቶ 2 አልፈው ነው እዚያ የሚደርሱት። ያማሃና ሆንዳን ከመንገዳችን እናውቃቸዋለን፤ የውድድሩ ሞተራቸው ግን ሱቅ አይሸጥም። ዱካቲ፣ ኬቲኤምና አፕሪሊያም አሉ።

ቅዳሜ አጭሩ ውድድር አለ፤ አሸናፊው 12 ነጥብ ያገኛል። የእሁዱ ዋና ውድድር 25 ያስገኛል፣ ነጥቡም እስከ 15ኛ ይወርዳል። አውሮፓ ውስጥ ሲካሄድ አብዛኛውን ጊዜ በእኛ 9 ሰዓት ነው፤ የአዳማ ፀሐይ ሰውን ቤት በምታስገባበት ሰዓት። 40 ደቂቃ ገደማ ስለሚፈጅ ከኳስ በፊት ያልቃል።

ዝናብ ከመጣ ደግሞ ከወንበራችሁ አትነሱ። የደረቅ ጎማ ልሙጥ ነው፣ ውሃ ላይ ያንሸራትታል። ስለዚህ ተወዳዳሪው ጎማ አያስቀይርም፤ ጋራዡ ደጃፍ ደርሶ ዘሎ ሁለተኛው ሞተሩ ላይ ይወጣል። እ.ኤ.አ. በ2021 ኦስትሪያ ላይ ጥቂት ዙር ሲቀር ዝናቡ ወረደ። ከፊት የነበሩት ሞተር ሊቀይሩ ገቡ። ቢንደር አልገባም። ጎማው ልሙጥ፣ ፍሬኑ እየቀዘቀዘ፣ መንገዱ ውሃ። ሞተሩን እያባበለ ዙሮቹን ጨረሰ፣ አንደኛም ወጣ።