«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር»፦ ለምን «ያስራል» አልተባለም?

ይህን ተረት የማያውቅ አማርኛ ተናጋሪ ማግኘት ይከብዳል። በእድር ስብሰባ ይነገራል። መዋጮ ሲጠየቅ ይነገራል። ትርጉሙም ሊቅ አያስፈልገውም። የሸረሪት ድር አንዱ ክር ብቻውን ሲሆን በእፍታ ይበጠሳል። ብዙ ሆኖ ከተባበረ ግን አንበሳ እንኳ ይይዛል። ደካሞች ከተባበሩ ኃይለኛውን ያሸንፋሉ ነው ነገሩ። ያው ማጋነን ነው፤ ማጋነኑ ባይኖር ግን ማንም አያስታውሰውም ነበር።

ትርጉሙን በዚህ እንለፈው። እኔን የሚገርመኝ አሠራሩ ነው። አራት ቃል ብቻ ናት። ግን አንድ ቋንቋ ቃላቱን እንዴት እንደሚያከማች፣ ሰዋስው ደግሞ የት ላይ እጁን እንደሚያስገባ ለማየት ከዚህች ተረት የተሻለ ቦታ አላውቅም።

ከ«ድር» እንጀምር። ተረቱ «ሸረሪት» የሚል ቃል የለውም። ሸረሪቷን የምናመጣት እኛ ነን። ሸማኔ ዘንድ ብትሄዱ ድር ሌላ ነው፤ በቁመት የሚዘረጋው ክር ነው፣ በአግድም የሚገባው ደግሞ ማግ። «ድርና ማግ» የምንለው ከዚያ የመጣ ነው። ሁለቱም ፍቺ ለተረቱ ያስኬዳል። እኔ ወደ ሸረሪቷ አደላለሁ፤ ጨዋታው ያለው በጣም ደካማው ነገር በጣም ኃይለኛውን ማሰሩ ላይ ነውና። ደግሞም «ድሮች» አላለም። በአማርኛ ስም እንዲሁ ባዶውን ሲቆም አንድም ብዙም ሊሆን ይችላል። «ገበያ ላይ በግ አየሁ» ያለ ሰው ስንት በግ እንዳየ አልነገረንም። ተረቱ ላይ «ቢያብር» የሚለው ግሥ ነው ድሩ ብዙ መሆኑን የሚያሳብቀው። ብቻውን የሚያብር የለም።

ይህ ግሥ ቤተሰቡ ሰፊ ነው። አበረ፣ አብሮ፣ ተባበረ፣ ትብብር፣ ኅብረት፣ ማኅበር፣ ማኅበራዊ። ሥራቸው ግዕዙ ኀብረ ነው። ልብ ብላችሁ እዩ፤ ከግዕዝ እንዳሉ የተወሰዱት ኅብረትና ማኅበር «ኅ»ን በጽሕፈት ይዘዋታል። በአማርኛ አፍ ያደጉት አበረና ተባበረ ግን ጥለዋታል። አንድ ሥር፣ ሁለት የመግቢያ በር። «አሰረ»ም እንዲሁ ዘሩ ብዙ ነው፦ እስር፣ እስረኛ፣ እስራት፣ ማሰሪያ፣ ተሳሰረ፣ ትስስር። እነዚህን ቃላት ሕፃን ልጅ አንድ በአንድ አይሸመድድም። ሥሩን ከያዘና ቅርጹን ከለመደ የቀረውን ራሱ ያወጣዋል።

አሁን ወደ «ያስር» እንሂድ። በዛሬ አማርኛ «ፖሊስ ሌባ ያስር» ብላችሁ ብታቆሙ ሰሚው ቀሪውን ይጠብቃል። «ያስር... ምን? ያስር ነበር? ያስር ይሆን?» ዐረፍተ ነገሩ የሚዘጋው «ያስራል» ሲባል ነው፤ ይኸውም «ያስር» እና «አለ» ተጋጥመው የወጣ ቅርጽ ነው። «ቢያብር» ላይ ያለው ባዶ ግሥ ግን ምንም ስህተት የለውም። «ቢ» ያለበት ግሥ «አለ»ን አያስጠጋም፤ «ቢያብራል» የሚል ሰው የለም። ስለዚህ ሁለቱ ግሦች ሲታዩ መንታ ይመስላሉ እንጂ ምክንያታቸው ለየቅል ነው። የመጀመሪያው የዛሬን ደንብ አክብሮ ባዶ ሆነ። ሁለተኛው የዛሬን ደንብ ጥሶ ባዶ ሆነ።

የጣሰው ግን ከየትም አምጥቶ አይደለም። በግዕዝ ይኸው ባዶ ቅርጽ ብቻውን ዐረፍተ ነገር ይዘጋል። «እግዚአብሔር ይሬዕየኒ» ይላል ዳዊት፤ ምንም «አለ» አልተቀጠለበትም። ከአሉታ ጋርም ተመሳሳይ ነገር አለ። ዛሬ «አይዘሉም» እንላለን፤ መጨረሻዋ «ም» ግዴታ ናት። ተረቱ ግን «ካልጠገቡ አይዘሉ፣ ካልዘሉ አይሰበሩ» ይላል። «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» የሚለውም እንደዚያው ነው። «አላይም» ቢባል ሰዋስው ይደሰታል፣ ተረቱ ግን ይሞታል።

ታዲያ ሁሉም ተረት ጥንታዊ ሰዋስው ይዞ ቀርቷል ማለት ነው? አይደለም። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚለው «ል»ዋን ሳይጥል በሰላም ይኖራል። ልዩነቱ ለእኔ ግልጽ ነው፦ እንቁላሉ ቤት አይመታም። ቢያብር ከያስር፣ ሰማይ ከአላይ፣ አይዘሉ ከአይሰበሩ ግን ቤት ይመታሉ። አሮጌውን ቅርጽ አጥብቆ የያዘው ዕድሜ ብቻ አይመስለኝም፤ ቤት መምታቱ ነው። አንድ ጥርስ ቢነቀል አፉ ሁሉ የሚያስጠላበት ሰው አለ አይደል? እንደዚያ ነው።

ከነጭራሹ ግሥ የሌላቸውም አሉ። «ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ»። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ»። ከሁሉም እኔ የምወደው «አባይን በጭልፋ» ነው። «ን» ተቀጥላለች፤ ማለትም አንድ ግሥ ሊመጣ ነው፣ አባይ ደግሞ የድርጊቱ ተቀባይ ነው። ግሡ ግን አይመጣም። ይቀዳል ይጨለፋል ብሎ የሚጨርሰው ሰሚው ነው።

እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» የሚቀመጠው የት ነው? ከቃላት ጋር መዝገብ ውስጥ ነው ወይስ ሰዋስው በየጊዜው ይሠራዋል? አሜሪካዊው የቋንቋ ሊቅ ሊዮናርድ ብሉምፊልድ በ1933 እ.ኤ.አ. የቃላት ክምችት ማለት የሰዋስው ተቀጥላ ነው፣ ደንብ የማይገዛቸው ነገሮች የሚዘረዘሩበት ነው ብሎ ነበር። በዚህ ዓይን ተረቱ ከነጠላ ቃላት ጎን አንድ መስመር ይዞ ይቀመጣል፣ አለቀ። የእኛ ቅኔ ቤት ግን ሁለቱን እንዲህ አይለያይም። ተማሪው ግስ ሲያወርድ ቃሉን ብቻ አይደለም የሚይዘው። ይህ የቀተለ ቤት ነው (እንደ ቀተለ የሚረባ ማለት ነው)፣ ያኛው የቀደሰ ቤት ነው እያለ እርባታውንም አብሮ ይይዛል። አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ያዘጋጁት፣ በ1948 ዓ.ም. የታተመው ትልቁ የግዕዝ መዝገብም ርእሱ ራሱ «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» ነው። ሰዋስውም ግስም መዝገበ ቃላትም በአንድ ሽፋን።

በ1988 እ.ኤ.አ. የቋንቋ ሊቃውንቱ ቻርልስ ፊልሞር፣ ፖል ኬይና ሜሪ ካትሪን ኦኮነር ይህንኑ በቃላትና በሰዋስው መካከል ያለውን ድንበር ከሌላ አቅጣጫ ነካኩት። አንድ የእንግሊዝኛ ፈሊጥ ይዘው እንደተሸመደደ ነገር ብቻ ሳይሆን የራሱ ደንብ ያለው ክፍት ቅርጽ መሆኑን አሳዩ። በአማርኛ የዚያን ፈሊጥ ሥራ የሚሠራው «ይቅርና» ነው። «መኪና ይቅርና ብስክሌት የለውም»። «መሮጥ ይቅርና መራመድ አቅቶታል»። ሁለቱን ባዶ ቦታዎች እንደፈለጋችሁ ሙሏቸው። ግን ትልቁ መቅደም አለበት። «ብስክሌት ይቅርና መኪና የለውም» ብትሉ ሰው ያፈጥባችኋል። ይህን ደንብ መዝገበ ቃላት «ቀረ» የሚለው ሥር አታገኙትም። ሰዋስው መጽሐፍ ውስጥም «ባለቤት ይቀድማል፣ ግሥ ይከተላል» ከሚለው ጋር አልተቀመጠም። መሀል ላይ ነው ያለው።

ተረታችንም እዚያው መሀል ያለ ይመስለኛል። «ድር ቢያብር ነብር ያስር» ብትሉ ሰዋስው አይቃወማችሁም፤ አጠገባችሁ ያለው ሰው ነው የሚያርማችሁ። «ድሮች ቢተባበሩ አንበሳን ያስራሉ» ብትሉ ደግሞ ምንም የሚታረም የለውም፤ ዜና ይመስላል እንጂ ተረት አይደለም። በሌላ በኩል «እንዲህ ቢሆን፣ እንዲያ» የሚለው አጥንቱ ክፍት ነው። «ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ» በዚያው አጥንት ላይ የበቀለ ነው።

ድር ራሱ በዘመናችን ሌላ ሥራ አግኝቷል። ኢንተርኔት ሲመጣ «ድረ ገጽ» ተባለ። ቅርጹ የግዕዝ ነው፣ እንደ ቤተ መንግሥት፣ እንደ ቤተ ክርስቲያን። ነገር ግን በዚህ ቅርጽ የሚቀድመው ዋናው ነው። ቤተ መንግሥት የመንግሥት ቤት እንጂ የቤት መንግሥት አይደለም። በዚህ ሂሳብ ድረ ገጽ «የገጽ ድር» ሊሆን ነው። የድር ገጽ ለማለት «ገጸ ድር» መባል ነበረበት። ቅደም ተከተሉን የጠበቀው «መካነ ድር» የሚለውን የሚጽፉ ሰዎች አሉ፤ ሰዋስው ከእነሱ ጋር ነው። ሕዝቡ ግን ድረ ገጽ ብሎ ለምዷል፣ እኔም እንደዚያው ነው የምጽፈው።