ኮካቲየል ሲታመም፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ደሴ ውስጥ እኛ ቤት አንዲት ኮካቲየል ነበረች። ላባዋ ግራጫ፣ ጉንጯ ብርቱካናማ፣ ሰው በመጣ ቁጥር ቁንጮዋን ቀጥ የምታደርግ፣ ዘሯ ከአውስትራሊያ የሆነ ወፍ። አንድ ሰኞ ላባዋን ነፍታ ተቀመጠች። «የጦሳ ብርድ ነው» ተባባልን። ረቡዕ ጠዋት ከሽቦ ቤቷ ወለል ላይ ሞታ አገኘናት። በዚያ ሳምንት እኛ ያመንንበትን፣ ከጎረቤትም የሰማነውን ስህተት ሌላ ሰው እንዳይደግመው ብዬ ነው የምጽፈው።

«ላባዋን የነፋችው በርዷት ነው»

ደሴ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት፤ ብርዱ እውነት ነው። ጤነኛ ወፍ ግን ሲሞቃት ላባዋን ትሰበስባለች፤ ስትተኛም ብዙውን ጊዜ አንድ እግሯን ላባዋ ውስጥ ሸሽጋ ነው። እኩለ ቀን ላይም ላባዋን ነፍታ፣ ዓይኗን ጨፍና፣ በሁለት እግሯ ቆማ የምታንቀላፋ ከሆነ ታማለች። ስትተነፍስ ጅራቷ ከፍ ዝቅ ካለ፣ ወይም ከመቆሚያ እንጨቷ ወርዳ ወለሉ ላይ ከተቀመጠች ሰዓት አይሰጥም። በዱር የደከመ ወፍ የአዳኝ ሲሳይ ስለሚሆን ሕመምን መደበቅ የወፍ ተፈጥሮ ነው። የእኛዋም ሰኞ ዕለት አልታመመችም፤ ሰኞ መደበቅ አቃታት እንጂ።

«እየበላች ነው፣ ምንም አትሆንም»

በጣም ያታለለን ይህ ነው። ሳህኑ አጠገብ ቆማ ፍሬውን በመንቁሯ ትሰብር ነበር፤ ሳህኑም በገለባ ተሞልቶ ነበር። ከሞተች በኋላ ገለባውን እፍ ብዬ ሳነሳው ከሥሩ የተሰበረው ፍሬ ሳይዋጥ ተከምሯል። ደረቷን ስነካው አጥንቱ እንደ ቢላዋ ጀርባ ወጥቷል። ዓይን ይሳሳታል፤ ሚዛን ግን እውነቱን ይናገራል። ጤነኛ ኮካቲየል በአብዛኛው ከ80 እስከ 100 ግራም ትመዝናለች። 90 ግራም የነበረች ወፍ 9 ግራም ከቀነሰች ከአካሏ አንድ አሥረኛው ሄዷል ማለት ነው። ኩሷንም ተመልከቱ፦ ጠቆር ያለ ወይም አረንጓዴ፣ ነጭ እና ጥርት ያለ ውሃ አለው። ከሦስቱ አንዱ መልኩን ቀይሮ ከሰነበተ ምልክት ነው።

«ዕጣን ማንን ይጎዳል?»

ወሎ ውስጥ ቡና ያለ ዕጣን አይታሰብም፤ እኔም አልተውም። ነገር ግን የወፍ ሳንባ ከአየር ከረጢቶች ጋር የተያያዘና አየርን አሟጦ የሚጠቀም ነው፤ ጭሱንም እንደዚያው። የከሰሉ፣ የዕጣኑ፣ የሚቆላው ቡና ጭስ ሁሉ ይደርስባታል። ወፏን ወደ ሌላ ክፍል የምታወጡት ቡናው ከመቆላቱ በፊት ይሁን፤ በረካው ከተጠጣ በኋላ ማውጣት ዋጋ የለውም። የማያጣብቅ መጥበሻ ከልክ በላይ ሲግል የሚወጣው ጋዝ ደግሞ በደቂቃዎች ውስጥ ይገድላታል።

«ቴትራሳይክሊን ውሃዋ ላይ በትኑበት»

ለጎልማሳ ሰው የተዘጋጀን የፀረ ባክቴሪያ እንክብል ለ90 ግራም ፍጡር በግምት መስጠት አደገኛ ነው። የታመመች ወፍ ውሃ የምትጠጣው ጥቂት ስለሆነ መድኃኒቱም በልኩ አይደርሳትም፤ ሕመሙ የፈንገስ ከሆነ ደግሞ ጭራሽ አይሠራም። ከወፏ ሕመም ጋር ቤተሰቡም ትኩሳትና ሳል ከጀመረው፣ ወፍ እንዳላችሁ ለሐኪም ንገሩ። ሲታኮሲስ የሚባለው የባክቴሪያ በሽታ ከደረቀ ኩስ አቧራ ወደ ሰው ይተላለፋል።

«ወተት ያበረታታል» የሚሉም አሉ፤ ወፍ የወተትን ስኳር መፍጨት አትችልም። አቮካዶማ መርዟ ነው።

እስከ እንስሳት ሐኪም ድረስ የሚያቆያት ሙቀት ነው። ሽቦ ቤቷን በሦስት ጎን በጨርቅ ሸፍኑ፤ በአንዱ ጥግ በፎጣ የተጠቀለለ የሙቅ ውሃ ጠርሙስ አስጠጉላት። ከ29 እስከ 32 ዲግሪ ይበቃታል፤ ከሞቃት ግን መሸሽ የምትችልበት ቦታ ይኑራት። እህልና ውሃው አፏ ሥር ይሁን። ከሌሎች ወፎች ለዩአት፤ በዚያው ቀንም ውሰዷት፣ ክብደቷን በግራም ጽፋችሁ።

አሁን ያለችንን ወፍ እናቴ በየእሑዱ ጠዋት፣ ወፏ ሳትበላ፣ የወጥ ቤት ሚዛን ላይ ታስቀምጣታለች። ባለፈው እሑድ 92 ግራም ነበረች።